ስለ ብቸኛ ወንዶችና ስለ ምኞታቸው፦ ከስድስት የጣሊያን ስላቃዊ ፊልሞች የትኛው ለየትኛው ተመልካች ይስማማል?

የጣሊያን ሲኒማ ከ1950ዎቹ መጀመሪያ አንሥቶ ለበርካታ ዐሥርት ዓመታት ደጋግሞ የመረመረው አንድ ዓይነት ወንድ አለ። ይህ ሰው ሴትን ይመኛል፣ ስለ ሴት ያወራል፣ ስለ ሴት ያልማል፤ ከሴት ጋር አንድ ማዕድ ቀርቦ መኖር ግን አይችልበትም። አንዳንዴ ወንደላጤ ነው፣ አንዳንዴ ባለትዳር፤ በሁለቱም መልኩ ብቸኛ ነው። በእርሱ ዙሪያ የተሠሩት ፊልሞች ብዙ ከመሆናቸው የተነሣ አዲስ ተመልካች በቀላሉ ግራ ይጋባል። ሁሉም «ኮሜዲ» ተብለው ይመደባሉ፤ ማርቼሎ ማስትሮያኒ ከአንዱ ወጥቶ በሌላው ይገባል፤ ዋና ባለታሪካቸው «አንቶኒዮ» የሚባል ሁለት ሥራዎች በሁለት ዓመት ልዩነት ወጥተዋል፤ በማስታወቂያ ምስሎቹ ላይ የምትታየው ሴትም ፊልሙ ስለ እርሷ የሆነ ታስመስላለች። ቀላል ሳቅ ፈልጎ የከፈተ ሰው ሁለት ሰዓት ተኩል የሚዘልቅ ቀዝቃዛ ሐዘን ይገጥመዋል፤ ቁም ነገር ፈላጊው ደግሞ ተራ ቀልድ መስሎት ያለፈው ፊልም ከሁሉም የበረታው ሆኖ ይገኛል።

እዚህ የማነጻጽራቸው ስድስት ናቸው። ዓመቶቹ በሙሉ እንደ ጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ሲሆኑ፣ ፊልሞቹ የሚያልቁበትን መንገድ ሆን ብዬ አልነገርኩም።

መስፈርቶቹ

ከሁሉም በፊት የምጠይቀው ስላቁ በማን ላይ እንደሚያርፍ ነው። ሰውየውን ብቻ የሚያሾፍበት ፊልም አለ፤ ሰውየውን እንዲህ አድርጎ ያሳደገውን ሕግ፣ ከተማና ቤተሰብ አብሮ የሚወቅስም አለ። በእኔ እምነት ሁለተኛው ዓይነት ይበልጣል፤ ብቸኛን ሰው በብቸኝነቱ ብቻ መሳቅ ቀላልም ጨካኝም ነውና።

ቀጥሎ የምትመጣው ሴቲቱ ናት። ባለታሪኩ ሴትን እንደ ዕቃ ቢያይ ፊልሙም እንደ እርሱ ያያታል ማለት አይደለም፤ አንዳንዱ ዳይሬክተር የወንዱን ዓይነ ስውርነት እያሳየን ሴቲቱን በራሷ ቦታ ያቆማታል፣ አንዳንዱ ግን አብሮ ይታወራል። ሦስተኛው መስፈርት የዘመኑን ጣሊያን ምን ያህል ማወቅ እንደሚጠይቅ ነው። የመጨረሻው ተራ የሚመስል ነገር ግን ብዙ ሰው የሚሳሳትበት ጉዳይ ሲሆን፣ እርሱም ርዝመቱ ምን ያህል እንደሆነና ፊልሙ ከማን ጋር ሊታይ እንደሚችል ነው።

ሽልማትን መስፈርት አላደረግሁም። ከስድስቱ ሁለቱ ኦስካር አግኝተዋል፤ አንዱ በፊልም ጽሑፍ፣ ሌላው በአልባሳት። ይህ ግን ለእርስዎ ይስማማ እንደሆነ ምንም አይነግርዎትም።

«ኢ ቪቴሎኒ» (1953)

የፌዴሪኮ ፌሊኒ ሥራ ነው። በአንዲት የባሕር ዳርቻ ከተማ አምስት ጎልማሶች ሥራ ሳይዙ፣ ከእናት ቤት ሳይወጡ፣ ከካፌ ወደ ቢሊያርድ ቤት እየተመላለሱ ይኖራሉ። ፋውስቶ ያስረገዛትን ልጅ ተገዶ ቢያገባም ዓይኑ ከሌላ ሴት አይነቀልም፤ ሚስቱን ሲኒማ ቤት ወንበሯ ላይ ትቶ አጠገቡ የተቀመጠችውን የማያውቃትን ሴት ተከትሎ ይወጣል። አልቤርቶ ደግሞ በእኅቱ ደመወዝ ይኖራል። ከካርኒቫል ሌሊት በኋላ የሴት ልብስ እንደለበሰ፣ በወረቀት የተሠራ ግዙፍ ጭንቅላት እየጎተተ ሰክሮ ወደ ቤቱ ሲመለስ፣ እኅቱ ቤቱን ጥላ ስትሄድ ይደርሳል። ለምታለቅሰው እናቱ ሥራ እንደሚይዝ ቃል ይገባላታል፤ ሥራ አግኝቶ እንደሆነ ስትጠይቀው ግን እንዳላገኘ ነግሯት እንቅልፍ ይወስደዋል።

ስላቁ ለስላሳ ነው፤ ፌሊኒ ሪሚኒ በምትባል የባሕር ዳርቻ ከተማ ያደገ በመሆኑ እነዚህን ሰዎች ከቅርብ ያውቃቸዋል፣ ይወዳቸዋልም። የጀርባ እውቀት አይጠይቅም። ሥራ ያጣ ወጣት በካፌ በር ላይ ቀኑን ሲገፋ ያየ ሰው ሁሉ ይረዳዋል።

«ኢል ቤል አንቶኒዮ» (1960)

ማውሮ ቦሎኚኒ ከቪታሊያኖ ብራንካቲ ልብ ወለድ ተነሥቶ የሠራው ይህ ፊልም ከስድስቱ ይልቅ ሐዘን ያደላበት ነው። አንቶኒዮ (ማስትሮያኒ) ሴት የማያልፈው መልከ መልካም ነው ተብሎ ስሙ ከሮም እስከ ሲሲሊዋ ከተማ ካታኒያ ገንኗል። ወላጆቹ የመረጡለትን ባርባራን (ክላውዲያ ካርዲናሌ) ያገባል፤ ከልቡም ይወዳታል። ዓመት ሲሞላ ግን ጋብቻው በስም ብቻ እንደሆነ ይታወቃል፤ አንቶኒዮ ከሚወዳት ሴት ጋር ስንፈተ ወሲብ አለበት። ከዚያ በኋላ ጉዳዩ የሁለቱ መሆኑ ይቀርና የቤተሰቦች፣ የቤተ ክርስቲያን፣ የጎረቤቶች ይሆናል። የአንቶኒዮ አባት የቤተሰቡ ወንድነት እንዳልሞተ ለከተማው ለማሳየት በስተርጅና ወደ ሴተኛ አዳሪ ይሄድና እዚያው ይሞታል።

ይህችን ትዕይንት ያስታወሰ ሰው የፊልሙን ክብደት ይረዳል። ሳቁ የሚያርፈው በታመመው ሰው ላይ አይደለም፤ ወንድነትን የአደባባይ ሀብት ባደረገው ይሉኝታ ላይ ነው። ባርባራም ብትሆን ክፉ ሆና አልተሣለችም። የትዳርን ምሥጢር ሳይነግሯት ዳሯት፣ በኋላም እንድትለቅ ሲነግሯት ታዘዘች። አንዱ ጉድለቱ ከእርሷ ውስጥ ምን እንደሚመላለስ ለመስማት ጊዜ አለመስጠቱ ነው።

«ዲቮርዚዮ አላ ኢታሊያና» (1961)

ፒየትሮ ጄርሚ የሠራው ይህ ፊልም በእኔ ግምት ከስድስቱ ሁሉ የተሳካው ነው፤ ሰፋ አድርጌ የማየውም ለዚህ ነው።

ባሮን ፌርዲናንዶ ቼፋሉ (ማስትሮያኒ) በሲሲሊ ሀብቱ የተመናመነ መኳንንት ነው። ሚስቱ ሮዛሊያ ትወደዋለች፤ ፍቅሯ ግን ያንገሸግሸዋል። የሚመኘው ገና አሥራ ስድስት ዓመቷ የሆነውን የአጎቱን ልጅ አንጄላን ነው። በዚያን ጊዜ በጣሊያን ፍቺ የለም፤ የፍቺ ሕግ የወጣው በ1970 ነው። ነገር ግን የወንጀለኛ መቅጫ ሕጉ አንቀጽ 587፣ ሚስቱን ከሌላ ሰው ጋር ሲያገኝ በቁጣ ተነሣስቶ የገደለ ባል ከሦስት እስከ ሰባት ዓመት ብቻ እንዲታሰር ይፈቅዳል። ባሮኑ ሒሳቡን ያሰላል፦ መፍታት አይቻልም፣ መግደል ግን ይቻላል። ስለዚህ ለሚስቱ ውሽማ ፍለጋ ይወጣል። ሊገድላት እንዲችል እንድትወሰልት ያመቻቻል፤ ቤቱን ለሠዓሊ ይከፍታል፣ ንግግራቸውን በድብቅ ይቀዳል፤ በሐሳቡም ጠበቃው በችሎት ፊት የሚያሰማውን አንጀት የሚበላ ንግግር ገና ግድያው ሳይፈጸም ያዳምጣል።

የጄርሚ ብልሃት ባሮኑን አስጠሊታ ብቻ አለማድረጉ ነው። ማስትሮያኒ በቅባት የተለጠፈ ጸጉር፣ የከበደ የዓይን ሽፋን፣ በየጊዜው የአፉን ጥግ እየሳበ የሚያሰማው ድምፅ አለው፤ ሰውየውን ሳንወድደው እንከተለዋለን፣ ታሪኩንም የምንሰማው ከራሱ አንደበት ስለሆነ ክፋቱ አመክንዮ ያለው መስሎ ይሰማናል። ሮዛሊያም መጀመሪያ በእርሱ ዓይን ብቻ ትታያለች፦ ለፍላፊ፣ ከከንፈሯ በላይ ጸጉር ያላት፣ የምትጫን። እየቆየ ሲሄድ ግን ተመልካቹ ራሱን ይጠይቃል፤ ይህች ሴት ባሏን ከመውደድ ሌላ ምን በደለች?

ሌላም ትዕይንት አለ። ሮዛሊያ ከሠዓሊው ጋር ከጠፋች በኋላ የኮሙኒስት ፓርቲው ሰው በአዳራሽ ስብሰባ ጠርቶ ስለ ሴቶች ነፃነት ያብራራና ሕዝቡ በሮዛሊያ ላይ ሊሰጥ የሚገባውን ተራማጅ ፍርድ ይጠይቃል። አዳራሹ በአንድ ድምፅ ስድብ ይመልሳል። እዚህ ላይ ስላቁ ከባሮኑ አልፎ ሕጉን፣ ቤተ ክርስቲያኑን፣ ፓርቲውንና ማንነታቸው የማይታወቅ ደብዳቤ ጻፊዎችን ሁሉ ያጠቃልላል። ባሮኑን ገዳይ እንዲሆን የሚገፋው ምኞቱ ብቻ አይደለም፤ እስኪገድል ድረስ ከተማው ሰው አድርጎ አይቆጥረውም።

አንቀጽ 587 የተሰረዘው በ1981፣ ፊልሙ ከወጣ ከሃያ ዓመት በኋላ ነው። ይህን ቁጥር ይዞ ፊልሙን ማየት ከማንኛውም ማብራሪያ ይበልጣል።

«ሌ ቴንታትሲዮኒ ዴል ዶቶር አንቶኒዮ» (1962)

ራሱን የቻለ ፊልም ሳይሆን «ቦካቾ 70» በተባለው የአራት ዳይሬክተሮች ሥራ ውስጥ የፌሊኒ ክፍል ነው፤ ርዝመቱ አንድ ሰዓት ገደማ ይሆናል። ዶክተር አንቶኒዮ የሥነ ምግባር ጠባቂ ነኝ ባይ ነው፤ መናፈሻ ውስጥ የሚሳሳሙትን ያባርራል፣ ደረቷ የታየ ሴት ካየ ይቆጣል። አንድ ቀን ከመስኮቱ ፊት ለፊት ግዙፍ የማስታወቂያ ሰሌዳ ይተከላል፤ በሰሌዳው ላይ አኒታ ኤክበርግ ጋደም ብላ የወተት ብርጭቆ ይዛለች፣ ወተት በብዛት እንዲጠጣ የሚመክር መዝሙርም ቀኑን ሙሉ ይሰማል። ዶክተሩ ለባለሥልጣናት ይጮኻል፣ ሰሌዳውን ያስሸፍናል፣ ሌሊት ሌሊት ግን ከመስኮቱ አይለይም። በኋላ ሴትየዋ ግዙፍ እንደሆነች ከሰሌዳው ወርዳ፣ ሙሶሊኒ ላቀደው ዓለም አቀፍ ኤግዚቢሽን በተቆረቆረው በሮም ኤዑር ሰፈር ባዶ ጎዳናዎች ላይ ታሳድደዋለች።

ፌሊኒ ይህን የሠራው ከዚያ በፊት በ1960 ያወጣው ፊልም በካቶሊክ ወግ አጥባቂዎች ክፉኛ ከተወገዘ በኋላ ነው፤ መልስ መሆኑ አይሰወርም። ስላቁ ግልጽና ፈጣን ነው፤ ከዚህ ሁሉ ዝርዝር ውስጥ ያለ ሐፍረት የሚያስቀው እርሱ ነው። በሁለተኛው መስፈርት ግን ደካማ ነው፤ ሴቲቱ ከአንድ ወንድ ሐሳብ ውጭ ሕይወት የላትም። ዶክተሩ እርሷን የሚጠላት አጥብቆ ስለሚመኛት መሆኑ ቀድሞ ስለሚገባንም፣ የኋለኛው አጋማሽ ከሚያስፈልገው በላይ ይረዝማል።

«ኢል ካሳኖቫ» (1976)

እንደገና ፌሊኒ፣ በዚህ ጊዜ ግን ያለ ርኅራኄ። ዶናልድ ሰዘርላንድ በሰው ሠራሽ አፍንጫና አገጭ፣ የፊት ጸጉሩ ተላጭቶ፣ ከሴት ወደ ሴት እንደ ሠራተኛ ይዘዋወራል። በየአልጋው አጠገብ ክንፉን የሚያርገበግብ ሜካኒካል ወፍ ይቀመጣል፤ ድርጊቱ ሁሉ በወፏ ምት ይለካል። የቬኒስ ባሕር በስቱዲዮ ውስጥ የተዘረጋ ጥቁር ላስቲክ ነው። ባለታሪኩ እንደ ምሁር እንዲቆጠር ይለምናል፤ የሚፈልጉት ግን ለሌላ ነገር ነው። ከሁሉም ሴቶች ይልቅ የሚቀርባት በሜካኒካል ዘዴ የምትንቀሳቀስ አሻንጉሊት ናት።

ታላቅ ሥራ ነው፤ ቢሆንም ለጀማሪ አልመክረውም። ርዝመቱ ከሁለት ሰዓት ተኩል ይበልጣል፣ ታሪኩ አይፈስስም፣ ቅዝቃዜው የታሰበበት ነው። ከልጆችም ከወላጆችም ጋር የሚታይ አይደለም።

«አይ ላቭ ዩ» (1986)

ማርኮ ፌሬሪ ጣሊያናዊ ቢሆንም ይህን ፊልም የሠራው በፈረንሳይኛ ነው። ሚሼል (ክሪስቶፈር ላምበርት) በጉዞ ወኪል ቤት የሚሠራ ወጣት ነው። የሴት ፊት ቅርጽ ያለው የቁልፍ መያዣ ያገኛል፤ ሲያፏጭለት ዕቃው «አይ ላቭ ዩ» ብሎ ይመልሳል። ሚሼል ሴት ያጣ ሰው አይደለም፤ የሚፈልጉት ሴቶች አሉ። እርሱ ግን ከሁሉም የቁልፍ መያዣውን ይመርጣል፤ ምክንያቱም ጥያቄ አይጠይቅም፣ አይደክምም፣ አይቀየምም፣ ሲጠሩት ብቻ ይመልሳል።

በወጣበት ዘመን ለብዙዎች እንግዳ ተረት ሊመስል የሚችል ነገር ነው። ዛሬ ሌሊቱን ሙሉ ለሚጻፍለት ሁሉ በፍቅር ቃል የሚመልስ ፕሮግራም በየስልኩ ሊጫን ስለሚችል፣ ከስድስቱ ለአሁኑ ተመልካች የሚቀርበው ይህ ነው ብዬ አምናለሁ። የጀርባ እውቀትም አይጠይቅም። ድክመቱ ሐሳቡ በመጀመሪያው ግማሽ ሰዓት ተነግሮ ማለቁ ነው፤ ከዚያ በኋላ ፌሬሪ ሐሳቡን ከማሳደግ ይልቅ ይደጋግመዋል። ሴቶቹም ትዕግሥታቸው ከማለቁ በቀር ብዙ የተሰጣቸው ነገር የለም።

ለኢትዮጵያዊ ተመልካች አንድ ተጨማሪ ነገር

የ«ኢ ቪቴሎኒ»ንና የዶክተር አንቶኒዮን የፊልም ጽሑፍ ከፌሊኒ ጋር ከጻፉት አንዱ ኤንዮ ፍላያኖ ነው። ፍላያኖ ጣሊያን በ1935 ኢትዮጵያን በወረረች ጊዜ መኮንን ሆኖ ዘምቷል። በ1947 ያሳተመው ልብ ወለድ ስትሬጋ የተባለውን የጣሊያን የሥነ ጽሑፍ ሽልማት ሽልማቱ በተጀመረበት ዓመት ያገኘ ሲሆን፣ ታሪኩ በኢትዮጵያ ምድር ብቻውን መንገድ ስለጠፋው ጣሊያናዊ መኮንን ነው። መኮንኑ ውኃ ዳር ያገኛትን ኢትዮጵያዊት ሴት ይመኛታል፣ ከእርሷ ጋር ያድራል፣ ከዚያም ገድሎ ይቀብራታል።

ይህን የማነሣው ከላይ ያለውን የመጀመሪያ መስፈርት ስለሚያጠብቀው ነው። ብቸኛው ወንድ የሚያስቀን በሴቲቱ ሕይወት ላይ ሥልጣን እስከሌለው ድረስ ነው፤ አልቤርቶና ዶክተር አንቶኒዮ አቅመ ቢሶች ናቸው። ሕግ ወይም ጠመንጃ ከጎኑ ሲቆም ያው ምኞት ሌላ መልክ ይይዛል። ከስድስቱ ውስጥ ይህን ፊት ለፊት የሚያሳየው የጄርሚ ፊልም ብቻ መሆኑ ለእኔ ትልቅ ክብደት አለው።

ማጠቃለያ ሰንጠረዥ

| ፊልም | ዳይሬክተር፣ ዓመት | ርዝመት በግምት | ስላቁ የሚያርፈው | የሴቲቱ ቦታ | የጀርባ እውቀት |
|---|---|---|---|---|---|
| ኢ ቪቴሎኒ | ፌሊኒ፣ 1953 | 1፡45 | በወንዶቹ ላይ፣ በርኅራኄ | መካከለኛ | አይጠይቅም |
| ኢል ቤል አንቶኒዮ | ቦሎኚኒ፣ 1960 | 1፡45 | በቤተሰብና በይሉኝታ ላይ | መካከለኛ | ጥቂት |
| ዲቮርዚዮ አላ ኢታሊያና | ጄርሚ፣ 1961 | 1፡45 | በሰውየው፣ በሕጉና በከተማው ላይ | ጠንካራ፣ ቀስ ብሎ የሚገለጥ | አንቀጽ 587ን ማወቅ ይበቃል |
| የዶክተር አንቶኒዮ ክፍል | ፌሊኒ፣ 1962 | 1፡00 | በግብዝ ሥነ ምግባር ላይ | ደካማ | ጥቂት |
| ኢል ካሳኖቫ | ፌሊኒ፣ 1976 | 2፡35 | በሰውየው ላይ፣ ያለ ምሕረት | ሆን ተብሎ የጠፋ | ትዕግሥት |
| አይ ላቭ ዩ | ፌሬሪ፣ 1986 | 1፡40 | በሰውየውና በዕቃ አምልኮ ላይ | ደካማ | አይጠይቅም |

የትኛውን ልምረጥ?

አንድ ምሽት ብቻ ያለው ሰው ሳያመነታ «ዲቮርዚዮ አላ ኢታሊያና»ን ይክፈት። የሕግ ተማሪዎች፣ የሴቶች መብት ላይ የሚሠሩ ሰዎችና የፊልም ውይይት የሚያዘጋጁ ማኅበራትም ከዚህ የተሻለ መነሻ አያገኙም፤ ስለ ሕግና ስለ ሐሜት የሁለት ሰዓት ክርክር ያስነሣል። ከታላላቆች ጋር፣ በቤት ውስጥ ለሚያይ «ኢ ቪቴሎኒ» የሚያሳፍር ነገር ስለሌለው ይመረጣል።

በሕይወቱ ብቸኝነት የበረታበት ሰው፣ በተለይም ትዳሩ ፈርሶ የሰው ወሬ ያደከመው፣ «ኢል ቤል አንቶኒዮ»ን ይይ። ከስድስቱ ውስጥ ለሥቃዩ ክብር የሚሰጠው እርሱ ነው። «ኢል ካሳኖቫ»ን ግን በዚያ ወቅት ባይነካው ይሻላል። «አይ ላቭ ዩ» በስልክ ወዳጅነት ላይ ለሚወያዩ ወጣት አዋቂዎች ይሆናል፤ የመጀመሪያውን ግማሽ አይቶ መወያየትም ይበቃል።

በወጪ በኩል ደግሞ ከሁሉ የሚያዋጣው «ቦካቾ 70» ነው፤ በአንድ ክፍያ የሞኒቼሊ፣ የፌሊኒ፣ የቪስኮንቲና የዴ ሲካ አራት ሥራዎች ይገኛሉ። ገንዘብ ማውጣት የማይፈልግ ሰው፣ አዲስ አበባን ጨምሮ የጣሊያን የባህል ተቋም ባለባቸው ከተሞች የሚኖር ከሆነ የተቋሙን የፊልም ዝግጅት ይከታተል፤ በአሜሪካና በአውሮፓ ያለ ደግሞ የከተማውን የሕዝብ ቤተ መጻሕፍት ይጠይቅ።

ከመክፈልዎ በፊት ቅጂውን ይመርምሩ። «ቦካቾ 70» ወደ ውጭ አገር ሲላክ የሞኒቼሊ ክፍል ተቆርጦ ስለነበር ሦስት ክፍል ብቻ ያለው ቅጂ ሊገጥምዎት ይችላል፤ ሙሉው ከሦስት ሰዓት በላይ ነው። በእነዚያ ዓመታት የጣሊያን ፊልሞች ድምፅ በኋላ በስቱዲዮ ይቀዳ ስለነበር የከንፈርና የድምፅ አለመገጣጠም ቢያዩ የቅጂው ጉድለት አይደለም። «ኢል ካሳኖቫ» የተቀረጸው ሰዘርላንድ በእንግሊዝኛ እየተናገረ ስለሆነ የእንግሊዝኛውም የጣሊያንኛውም ድምፅ ተገቢ ነው። «ዲቮርዚዮ አላ ኢታሊያና»ን ግን በእንግሊዝኛ ድምፅ የተተካ ሆኖ ካገኙት ይተዉት፤ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ የሚተርከው ባሮኑ ራሱ በመሆኑ፣ የማስትሮያኒ ድምፅ ከሌለ የፊልሙ ግማሽ የለም። የጣሊያንኛ ድምፅና የግርጌ ጽሑፍ ያለውን ይፈልጉ።